ሥራው ካለቀ በኋላ የሚሰማ የጨረታ ይግባኝ፦ የደቡብ አፍሪካ ፍርድ ቤቶች ምን ይላሉ?

የመንግሥት ጨረታ ተከራካሪን ከማስረጃ እጥረት ይልቅ ጊዜ ይረታዋል። ቅር የተሰኘው ተጫራች ከችሎት ችሎት ሲመላለስ አሸናፊው የሥራ ቦታውን (ሳይቱን) ይረከባል፣ ቅድሚያ ክፍያ ይለቀቃል፣ መንገዱ አስፋልት ይለብሳል። ይግባኙ ተራው ደርሶ ሲሰማ ዳኞቹ በመጀመሪያ የሚጠይቁት «ብንፈርድለትስ ምን ይለወጣል?» ብለው ነው።

ከዚህ በታች ያሉት መልሶች የደቡብ አፍሪካን ሕግና ፍርዶች የተከተሉ ናቸው። በዚያ አገር ይህ ችግር በተደጋጋሚ እስከ ከፍተኛዎቹ ችሎቶች ደርሷል፤ ዳኞቹም ምክንያታቸውን በዝርዝር ጽፈዋል። ስለ ደቡብ አፍሪካና ስለ ሌሎች የውጭ አገሮች የተጠቀሱት ዓመቶች በሙሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

አንድ ይግባኝ «ዋጋ አጣ» የሚባለው መቼ ነው?

የሚሰጠው ውሳኔ በተከራካሪዎቹ መካከል በተግባር የሚለውጠው ነገር ሲጠፋ ነው። የደቡብ አፍሪካ የበላይ ፍርድ ቤቶች ሕግ ቁጥር 10/2013 በአንቀጽ 16(2)(ሀ) ላይ እንደሚለው፣ ይግባኙ በሚሰማበት ጊዜ የተጠየቀው ውሳኔ ተግባራዊ ውጤት የማይኖረው ከሆነ፣ ፍርድ ቤቱ በዚህ ምክንያት ብቻ ይግባኙን ሊዘጋው ይችላል። ይግባኝ ባዩ ትክክል ይሁን ስሕተት መመርመር እንኳ ግዴታው አይደለም።

በጨረታ ጉዳይ ይህ የሚሆነው በሦስት መንገድ ነው፦ ሥራው ተሠርቶ ያልቃል፣ የውሉ ዘመን ያበቃል፣ ወይም መሥሪያ ቤቱ ራሱ ጨረታውን ሰርዞ አዲስ ያወጣል።

ይግባኙን ያቀረብኩት በጊዜው ከሆነስ? ያኔ እኮ ሥራው ገና አልተጀመረም ነበር!

ቅሬታው ተገቢ ነው፤ ሕጉ ግን የሚያየው ይግባኙ የቀረበበትን ቀን ሳይሆን የሚሰማበትን ቀን ነው። በ2018 ብሉምፎንቴይን የሚገኘው ጠቅላይ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በምሥራቅ ኬፕ የሚገኘውን የጆ ጋቢ ወረዳ ማዘጋጃ ቤት የሚመለከት የጨረታ ይግባኝ የዘጋው በዚሁ ምክንያት ነበር። እርስዎ ቀነ ገደብ ባያሳልፉም ሌላው ወገን በዝግታ ቢሄድ፣ ወይም የፍርድ ቤቱ መዝገብ ቢጨናነቅ፣ የዘገየው ጊዜ የሚቆረጠው ከእርስዎ ላይ ነው።

ይህን ያህል ጊዜ የሚሄደው የት ነው?

አብዛኛው የሚባክነው ሕጉ ራሱ በፈቀደው መጠበቅ ነው። የአስተዳደራዊ ፍትሕ ሕጉ (ቁጥር 3/2000) በውሳኔ የተጎዳ ሰው በ90 ቀን ውስጥ ምክንያቱ በጽሑፍ እንዲሰጠው መጠየቅ ይችላል ይላል። መሥሪያ ቤቱ ደግሞ ለመመለስ ሌላ 90 ቀን አለው። ፍርድ ቤት ለመሄድ የተቀመጠው ጣሪያ 180 ቀን ነው። ብዙ ተጫራቾች ይህን 180 ቀን እንደ ፈቃድ ያዩታል፤ እዚያ ላይ ነው የሚሳሳቱት። የአንቀጹ ዋና ቃል «ያለ አግባብ ሳይዘገይ» የሚለው ነው፤ 180ው ካልተራዘመ በቀር ከዚያ በላይ ማለፍ እንደማይቻል የሚያሳይ ድንበር ብቻ ነው። የስድስት ወር ኮንትራት በሚሰጥበት ዘርፍ ስድስት ወር ጠብቆ መክሰስ፣ ዕቃው ተሽጦ ካለቀ በኋላ ዋጋ እንደመጠየቅ ይቆጠራል።

ማዘጋጃ ቤት ከሆነ ከዚያ በፊት የውስጥ አቤቱታ አለ። የማዘጋጃ ቤቶች የግዥ ደንብ 14 ቀን ይሰጣል፤ የማዘጋጃ ቤቶች አሠራር ሕግ አንቀጽ 62 ላይ ያለው ይግባኝ ደግሞ 21 ቀን አለው። ፍርድ ቤት ከተገባ በኋላ መሥሪያ ቤቱ የጨረታውን መዝገብ በ15 ቀን ማቅረብ አለበት፤ በተግባር ግን ቃለ ጉባኤው ጎደለ፣ የግምገማው ነጥብ ሰንጠረዥ አልተያያዘም እየተባለ መዝገቡ ራሱ የክርክር ርዕስ ይሆናል።

ከዚያ ይግባኙ አለ። በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ ለማለት ፈቃድ ይጠየቃል። ከተከለከለ በአንድ ወር ውስጥ ለጠቅላይ ይግባኝ ሰሚው ማመልከቻ ይገባል። ፈቃዱ ሲገኝ የይግባኝ ማስታወቂያ አንድ ወር፣ መዝገብ ማቅረቢያ ሦስት ወር፣ የይግባኝ ባዩ የክርክር ማጠቃለያ ስድስት ሳምንት ይሰጠዋል። ከዚያ በኋላ ነው ቀጠሮ የሚያዘው። እነዚህን ደምሯቸው፤ ማንም ሳይለግም፣ ሁሉም ሰው በሕጉ መሠረት ሄዶ፣ አንድ የገጠር መንገድ ተሠርቶ ያልቃል።

በመጀመሪያው ፍርድ ቤት ካሸነፍኩ ግን ተርፌያለሁ ማለት አይደለም?

እንዲህ ብለው የሚያምኑ ሰዎች ናቸው በጣም የሚጎዱት፤ ስለዚህ በዚህ ጥያቄ ላይ ትንሽ ልቆይ።

ከፍተኛው ፍርድ ቤት ጨረታውን ሻረ እንበል። አሸናፊው ድርጅት ወይም መሥሪያ ቤቱ ይግባኝ ለማለት ፈቃድ ጠየቀ። በበላይ ፍርድ ቤቶች ሕግ አንቀጽ 18(1) መሠረት፣ የፈቃድ ጥያቄው እንደቀረበ የፍርዱ አፈጻጸም ይታገዳል። ማንም ዳኛ ተጨማሪ ትእዛዝ መስጠት አያስፈልገውም። የተሻረው ውል እንዳልተሻረ ሆኖ ይቀጥላል፤ ማሽኑ ሳይት ላይ ነው፣ የክፍያ ሰርተፍኬቱም በየወሩ ይጸድቃል።

ይግባኝ ባዩ እንግዲህ የሚያስፈልገው ማሸነፍ ሳይሆን መቆየት ነው። ጉዳዩ ብሉምፎንቴይን ሲደርስ ሥራው አልቋል፤ እርስዎ በእጅዎ ያለው የታገደ ፍርድ ነው። ሕግን በገንዘብ የመግዛት ያህል የሚያስቆጣ ነገር ቢሆንም እዚህ ውስጥ ሕገወጥ እርምጃ የለም። የአሠራሩ ቅርጽ ያዘነበለው ውሉን ወደያዘው ወገን ነው፤ ይህን በግልጽ መናገር ያስፈልጋል።

መከላከያው በዚያው አንቀጽ ውስጥ አለ። በአንቀጽ 18(3) መሠረት፣ ልዩ ሁኔታ መኖሩን፣ ፍርዱ ወዲያው ካልተፈጸመ እርስዎ የማይተካ ጉዳት እንደሚደርስብዎ፣ ሌላው ወገን ግን እንደማይደርስበት ካስረዱ፣ ፍርድ ቤቱ ይግባኙ ሳይጠበቅ ፍርዱ እንዲፈጸም ሊያዝ ይችላል። ከባዱ የመጨረሻው ነጥብ ነው፤ ሠራተኛ ቀጥሮ ማሽን አስገብቶ የጀመረ ተቋራጭ ምንም አይጎዳም ብሎ ማሳመን ቀላል አይደለም። ትእዛዙ ቢገኝም ተቃራኒው ወገን በአንቀጽ 18(4) ያለ ፈቃድ ይግባኝ ሊልበት ይችላል፤ ያ ይግባኝ እስኪወሰን ትእዛዙ እንደገና ይታገዳል። ጥሩው ነገር ይህ ሁለተኛው ይግባኝ በከፍተኛ አጣዳፊነት መሰማት ያለበት መሆኑ ነው።

ታዲያ ከመጀመሪያው እግድ ማውጣት አይሻልም?

ይሻላል። እንዲያውም አብዛኛው የጨረታ ክርክር የሚወሰነው እዚያ ነው ብል አላጋነንኩም። የተለመደው መንገድ ማመልከቻውን ሁለት ክፍል አድርጎ ማቅረብ ነው፦ በመጀመሪያው ክፍል ውሉ እንዳይፈረም ወይም ሥራው እንዳይጀመር አስቸኳይ እግድ፣ በሁለተኛው ጨረታው እንዲሻር። እግዱን ለማግኘት ቢያንስ በመጀመሪያ እይታ የሚታይ መብት፣ የማይተካ ጉዳት ሥጋት፣ ሚዛኑ ወደ አመልካቹ ማጋደሉና ሌላ መፍትሔ አለመኖሩ ይታያል። ይህ መለኪያ ከ1914 ጀምሮ ያለ ነው። በ2012 ግን ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤቱ (የአገሪቱ የመጨረሻው ፍርድ ቤት) በአውራ ጎዳና ክፍያ ክርክር ላይ፣ የመንግሥትን ሥልጣን በጊዜያዊ እግድ መግታት ግልጽ በሆኑ ጉዳዮች ብቻ መሆን እንዳለበት ወስኗል። ከዚያ ወዲህ መሥሪያ ቤቶች በየችሎቱ የሚያነሡት ይህንኑ ነው።

ውሉ ተፈርሞ ግማሹ ከተሠራ በኋላ እግድ መጠየቅ ግን ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው። ዳኛው ሚዛኑን ሲያይ በአንድ በኩል የእርስዎን ትርፍ፣ በሌላ በኩል ውኃ የሚጠብቀውን መንደር ያያል።

ጨረታው ሕገወጥ መሆኑ ከተረጋገጠ ውሉ እንዴት ይቀጥላል?

ሕገወጥነቱን ማወጅና ውሉን ማፍረስ ሁለት የተለያዩ እርምጃዎች ስለሆኑ ነው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 172(1) ፍርድ ቤቱ ሕገ መንግሥቱን የጣሰ ድርጊትን ሕገወጥ ብሎ እንዲያውጅ ያስገድደዋል። መፍትሔውን በተመለከተ ግን «ፍትሐዊና ርትዓዊ» የሆነውን ሁሉ እንዲያዝ ነፃ ይተወዋል።

በ2005 የተወሰነው የሳፔላ ጉዳይ ለዚህ ዋነኛ ምሳሌ ነው። የሕዝብ ሥራዎች መሥሪያ ቤት ያወጣቸው የጥገና ጨረታዎች ሕግን ያልተከተሉ ሆነው ተገኙ። ይሁንና ይግባኙ ሲሰማ ሥራው በአብዛኛው ተጠናቆ ስለነበር፣ ፍርድ ቤቱ ውሎቹን ከማፍረስ ተቆጠበ። የተሠራውን አፍርሶ ከዜሮ መጀመር አይቻልም፤ ስለዚህ ሕገወጡ ድርጊት ባለበት ጸና። ከፍተኛው ፍርድ ቤት ለከሳሾቹ ተጫራቾች የሰጣቸው ድል በጊዜ ተሸረሸረ።

በ2010 ደግሞ በፍሪ ስቴት ግዛት የመንገድ ሥራ ላይ የተነሣው የሞሴሜ ጉዳይ አለ። የሥር ፍርድ ቤት ውሉን ሽሮ ነበር፤ ዳኛ ሃርምስ የጻፉት የይግባኝ ፍርድ ግን ያንን ለወጠው። በጨረታ አስተዳደር ላይ የሚፈጠር እያንዳንዱ መንሸራተት በፍርድ ቤት ቅጣት መታየት የለበትም የሚለው አባባላቸው ዛሬም በመሥሪያ ቤቶች ጠበቆች አፍ ላይ ነው። በእኔ እምነት ይህ አባባል ከሚገባው በላይ ተለጥጧል። በ2013 ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤቱ ከታች በምናየው የኦልፔይ ጉዳይ ላይ ነገሩን አስተካክሎታል፦ የአሠራሩ ሕጋዊነት መመዘን ያለበት፣ ውጤቱ በተለየ ነበር ወይስ አልነበረም ከሚለው ተለይቶ ነው።

በጊዜ ያልተበላ የጨረታ ክርክር ታይቶ ያውቃል?

ታይቷል። በሊምፖፖ ግዛት የሆስፒታሎችን ቆሻሻ ለማስወገድ በወጣ ጨረታ፣ ሚሌኒየም የተባለ ድርጅት አንድ ቅጽ ላይ ባለመፈረሙ ብቻ ከውድድር ወጣ። ሳይውል ሳያድር ከሰሰ፤ በሥር ተሸነፈ፤ በኅዳር 2007 ግን ጠቅላይ ይግባኝ ሰሚው ፈረደለት። ውሉ ያን ጊዜ እየተሠራበት ስለነበር ዳኞቹ ዝም ብለው አላፈረሱትም። የጨረታ ኮሚቴው የሚሌኒየምን ሰነድ እንደገና እንዲገመግም፣ ማሸነፍ ይገባው ከነበረ ውሉ እንዲተላለፍለት፣ ካልሆነ ግን ነባሩ ውል እንዲጸና አዘዙ። ከሆስፒታል የሚወጣ መርፌና ደም የነካ ጨርቅ አንድ ቀን እንኳ ሳይነሣ እንዳይቀር ተብሎ የታሰበበት ትእዛዝ ነው። ለአመልካቹ የረዳው ትልቁ ነገር በእርሱ በኩል የሚወቀስበት መዘግየት አለመኖሩ ነበር።

የኦልፔይ ጉዳይስ? እዚያ ከሳሹ አሸንፏል አይደል?

አሸንፏል፣ ሥራውን ግን አላገኘም። በ2012 መጀመሪያ የማኅበራዊ ዋስትና ኤጀንሲው ወደ 10 ቢሊዮን ራንድ የሚገመት የአምስት ዓመት ውል ለካሽ ፔይማስተር ሰርቪስስ ሰጠ፤ ለ15 ሚሊዮን ያህል ሰዎች የድጎማ ክፍያ የማከፋፈል ሥራ ነበር። የተሸነፈው ተጫራች ኦልፔይ ከሰሰ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት በነሐሴ 2012 ሂደቱን ሕገወጥ አለው፣ ውሉን ግን አልነካም። በመጋቢት 2013 ይግባኝ ሰሚው ኦልፔይን ውድቅ አደረገ። በኅዳር 2013 ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤቱ ገልብጦ ጨረታውን ሕገወጥ አለ፤ በሚያዝያ 2014 መፍትሔውን ሰጠ፦ ጨረታው እንደገና ይውጣ፣ እስከዚያው ውሉ ይቀጥል።

ኤጀንሲው አዲሱን ጨረታ አወጣ፣ ነገር ግን በ2015 ለማንም ሳይሰጥ ዘጋው፤ ክፍያውን ራሴ እረከባለሁ አለ። መጋቢት 2017 ሲደርስ ግን አልተዘጋጀም ነበር። ውሉ ሊያበቃ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ፍርድ ቤቱ አሮጊቶችና ሕፃናት ያለ ገንዘብ እንዳይቀሩ ሲል ያንኑ ሕገወጥ ውል ለተጨማሪ 12 ወራት አራዘመው። ሕገወጥ የተባለው ውል ሙሉ አምስት ዓመቱን ኖረ፣ ዕድሜም ተጨመረለት።

ከዚህ ፍርድ የሚጠቀስ በጎ ነገር አለ። ፍርድ ቤቱ ድርጅቱ ከሕገወጥ ውል የማትረፍ መብት የለውም ብሎ የትርፍና ኪሳራ ሒሳቡ እንዲቀርብና እንዲመረመር አዟል። ጊዜ ሥራውን ቢወስድም ትርፉን መከተል ይቻላል ማለት ነው።

ሥራው ካመለጠኝ ካሳ ላገኝ እችላለሁ?

ብዙ ተስፋ አያድርጉ። በ2006 ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤቱ በስቴንካምፕ ጉዳይ፣ ጨረታ አሸንፎ በኋላ የተሻረበት ድርጅት ያወጣውን ወጪ ከጨረታ ቦርዱ መጠየቅ አይችልም ብሏል፤ ቦርዱ በቅን ልቦና ከተሳሳተ ተጠያቂ አይሆንም። በሩ የሚከፈተው ማጭበርበር ወይም ሆን ተብሎ የተፈጸመ እምነት ማጉደል ሲረጋገጥ ነው። የአስተዳደራዊ ፍትሕ ሕጉም ካሳ የሚፈቅደው በልዩ ሁኔታ ብቻ ነው። ይህ ነጥብ ነው ነገሩን ሁሉ መራራ የሚያደርገው፦ ሥራውም ካሳውም ከሌለ፣ ዋጋ ያጣ ይግባኝ የጨረታ ሕጉን እርቃኑን ያስቀረዋል።

የቀረው የወጪና ኪሳራ ጥያቄ ብቻ ቢሆንስ?

አይበቃም። የበላይ ፍርድ ቤቶች ሕግ አንቀጽ 16(2) ልዩ ሁኔታ ካልኖረ በቀር ወጪና ኪሳራ ግምት ውስጥ እንደማይገባ ይደነግጋል።

ፍርድ ቤቱ ዋጋ ያጣ ይግባኝ ጨርሶ አይሰማም ማለት ነው?

ሊሰማ ይችላል። በ2001 በላንገበርግ ማዘጋጃ ቤት ጉዳይ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤቱ፣ ትእዛዙ በተከራካሪዎቹ ወይም በሌሎች ላይ አንዳች ተግባራዊ ውጤት ካለው፣ የፍትሕ ጥቅምም ከጠየቀ፣ መስማት እንደሚቻል ወስኗል። ስለዚህ ጠበቃዎ «ጉዳዩ ጠቃሚ የሕግ ጥያቄ ነው» ከማለት አልፎ፣ ያው መሥሪያ ቤት ያንኑ የግምገማ መስፈርት በቀጣይ ጨረታዎች ላይ እየተጠቀመበት መሆኑን በቃለ መሐላ ያሳይ።

እኔ ዳኞች ይህን በር በጨረታ ጉዳይ ሰፋ አድርገው ቢከፍቱት እመርጣለሁ። የጨረታ ውል በባሕርዩ አጭር ነው። ያለቀው ሁሉ አይሰማም ከተባለ፣ ብልሹ የግምገማ ልማድ ፍርድ ሳይነካው ከዓመት ዓመት ይሻገራል።

ሌሎች አገሮች ይህን እንዴት ይፈቱታል?

ቁልፉን ከውል ፊርማው በፊት በማስቀመጥ። በአውሮፓ ኅብረት፣ የኅብረቱ ፍርድ ቤት በ1999 ኦስትሪያን በሚመለከተው የአልካቴል ጉዳይ ከወሰነ በኋላ፣ በ2007 የወጣው መመሪያ የውጤት ማስታወቂያ በኤሌክትሮኒክስ ከተላከ ቢያንስ 10 ቀን፣ በሌላ መንገድ ከሆነ እስከ 15 ቀን ሳያልፍ ውል እንዳይፈረም ያዛል። በአሜሪካ ለፌዴራል ግዥ አቤቱታ የሚቀርብለት የመንግሥት ተጠያቂነት ጽሕፈት ቤት በ100 ቀን ውስጥ መወሰን አለበት፤ አቤቱታው በተወሰነው አጭር ጊዜ ከገባ፣ መሥሪያ ቤቱ አጣዳፊ ምክንያት ካላቀረበ በቀር ሥራው ይቆማል። ደቡብ አፍሪካም በ2024 ባጸደቀችው የመንግሥት ግዥ ሕግ ልዩ ትሪቡናልና ውል ከመፈረሙ በፊት የመቆያ ጊዜ አስገብታለች።

በኢትዮጵያስ?

መነሻው ደንብ የተገላቢጦሽ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ይግባኝ መባሉ ብቻውን አፈጻጸምን አያግድም፤ ይግባኝ ሰሚው ለይቶ ሲያግድ ነው። ስለዚህ በሥር ያሸነፈ ተጫራች የተሻለ ቦታ ላይ ይቆማል፤ የተሸነፈው ግን እግድ ካላገኘ ውሉ ከእጁ ያመልጣል። አዋጅ ቁጥር 649/2001ን በተካው አዋጅ ቁጥር 1333/2016 ሥርም አቤቱታው መጀመሪያ የሚቀርበው ለራሱ ለመሥሪያ ቤቱ ነው። ቀኑ አጭር ስለሆነ፣ የውጤት ደብዳቤው በደረሰበት ዕለት ሕጉን ከፍቶ መቁጠር ነው።

በደቡብ አፍሪካ ጨረታ መውደቄ ዛሬ ቢነገረኝ ከየት ልጀምር?

ደብዳቤው የደረሰበትን ቀንና ሰዓት ይመዝግቡ። በዚያው ዕለት ምክንያቱንና የግምገማውን ሰነድ በጽሑፍ ይጠይቁ፤ 90 ቀን አለኝ አይበሉ። በዚያው ደብዳቤ መሥሪያ ቤቱ ውል እንደማይፈርም ወይም ሥራ እንደማያስጀምር በአጭር ቀነ ገደብ በጽሑፍ እንዲያረጋግጥልዎ ይጠይቁ። ካላረጋገጠ፣ ለአስቸኳዩ እግድ ዋናው ማስረጃዎ ያ ዝምታ ነው። አሸናፊውን ድርጅት ከመጀመሪያው በተከሳሽነት ያስገቡት፤ በኋላ «ሳልሰማ ተወሰነብኝ» እያለ ወራት እንዳይበላ። በሥር ካሸነፉ የአንቀጽ 18(3) ማመልከቻው የፈቃድ ጥያቄው እንደመጣ የሚቀርብ ሆኖ ተዘጋጅቶ ይጠብቅ። ይግባኝ ከተጀመረ ደግሞ ቀጠሮው እንዲፋጠን ለፍርድ ቤቱ ይጻፉ።

በመሐሉ ሳይቱን አይርሱት። ሥራው በየወሩ የደረሰበትን ደረጃ፣ የተከፈለውንና የቀረውን መጠን እየተከታተሉ በማስረጃ ይያዙ። ይግባኙ በሚሰማበት ቀን «ሁሉም አልቋል» ሲባል፣ 40 በመቶው ገና አልተነካም ብሎ በሰነድ ማሳየት የሚችል ተጫራች አሁንም የሚፈረድለት ነገር አለው።